አፈሩን ማን ነካው?

የሞቱት ከላይ ተገኙ። መጀመሪያ ያስጠረጠረኝ ይኼ ነው። እነዚህ ፍጥረታት ከላይ አይኖሩም፤ ኑሯቸው ከቅጠል ሥር፣ ከበሰበሰ እንጨት ሥር፣ ብርሃን ከማይደርስበት ነው። ሞት ሲመጣባቸውም እዚያው ተሸሽገው ይሞታሉ፤ ሬሳቸውን የገዛ ዘመዶቻቸው ይበሉታል፤ ድንኳንም ንፍሮም አያስፈልግም። እነዚህ ግን ወደ ላይ ወጥተው፣ በሚኖሩበት ሸክላ ጠርዝ ዙሪያ ሆዳቸውን ወደ ሰማይ ሰጥተው ተዘርረዋል። በቤቱ አርፎ የሞተ ሳይሆን ከቤቱ ሲሸሽ በር ላይ የወደቀ ነው የሚመስሉት።

ልጄ ከጎኔ ቆማ ታያለች። አላለቀሰችም።

«አባዬ፣ አፈሩን ማን ነካው?» ብላ ብቻ ጠየቀችኝ።

ማንም አልነካውም ልላት እችል ነበር። ሌላ አባት እንዲያ ይል ይሆናል። እኔ ግን ዕድሜዬን ሙሉ ያየሁት፣ በዚህ አገር «ማንም አልነካውም» የተባለን ነገር ሁሉ አንድ ሰው እንደነካው ነው። «እናጣራለን» አልኋት።

ስለ ምን እንደማወራ ልንገራችሁ። እርጥብ ድንጋይ ሲገለበጥ የሚራወጡ፣ ግራጫ፣ እግራቸው የበዛ፣ ጀርባቸው እንደ ጥሩር የተደራረበ፣ ሲነኳቸው ተጠቅልለው አተር የሚያክሉ ፍጥረታት አሉ። ሁሉም ሰው አይቷቸዋል፤ ስም ሊሰጣቸው የደከመ ግን የለም። ልጄ «ጥቅልሎች» ትላቸዋለች። ከሐይቁ ዳር፣ ማዕበሉ እንዳይሸረሽረው ከተደረደረው ድንጋይ ሥር ነው የለቀመቻቸው። የክፍል ጓደኞቿ ስልክ ሲያሻሹ እሷ ድንጋይ ትገለብጣለች። የትል ዘር እንዳልሆኑ፣ ከሸርጣን ጋር እንደሚዛመዱ፣ ከሆዳቸው ሥር የዓሣ ስንጥብ በሚመስል ነገር እንደሚተነፍሱና ደረቅ አየር እንደሚገድላቸው ካነበብሁት ነገርኋት።

«ታዲያ ዓሣ ናቸው?» አለችኝ። ጣና ዳር ያደገ ልጅ ሁሉን ነገር በዓሣ ነው የሚለካው።

እንስሶቹ የእሷ፣ አፈሩ የእኔ ሆነ። ሰው እንስሳ አረባለሁ ይላል እንጂ በእውነቱ የሚንከባከበው አፈር ነው፤ እንስሳውን የሚያረባው አፈሩ ነው። የግቢያችንን አፈር ነፋሁ፤ በእጅ የሚፈረፈር የበሰበሰ እንጨት ቀላቀልሁበት፤ ላዩን ደረቅ ቅጠል አለበስሁት፤ ለቅርፊታቸው የሚሆን የእንቁላል ልጣጭ ወቅጬ በተንሁ። አንዱን ወገን አርሳለሁ፣ ሌላውን ደረቅ አድርጌ እተዋለሁ፤ የሚበጃቸውን ራሳቸው ሄደው ይመርጣሉ። እውነቱን ለመናገር ለሚተዳደሩት ምርጫ የሚሰጥ አስተዳደር ያየሁት እኛ ባዘጋጀንላቸው ሣጥን ውስጥ ብቻ ነው። የአፈሩን ጤና የማውቀው ደግሞ ጨብጬ ነው፤ ከተጨበጠ በኋላ መያያዝ አለበት፣ በጣት መሃል ውኃ መንጠብ ግን የለበትም።

መጀመሪያ የኖሩት በፕላስቲክ ሣጥን ነበር። ሚያዝያ መጣ። የባሕር ዳር ሚያዝያ እንኳን ሣጥን ሰውንም ያልባል። ክዳኑ በውስጥ አላበው፤ ከቅጠሉ ላይ ነጭ ሻጋታ ተነሣ። በስልኬ ያነበብኋቸው መካሪዎች ሁሉ ሻጋታ በጥቂቱ አይጎዳም፣ ፕላስቲክም ተስማሚ ነው ይላሉ። ሁሉም ሰው አንድ ዓይነት ሲመክር ግን እኔ ወዲያው መጠርጠር እጀምራለሁ። ፕላስቲክ አይተነፍስም፤ ሸክላ ይተነፍሳል፤ አባቶቻችን ውኃ በሸክላ ያቀዘቀዙት ሞኝ ስለሆኑ አይደለም፤ ይህን ሁሉ ምሳ ላይ ተናገርሁ። ባለቤቴ ምሳዋን በላች። አማቴ ግን ሰሙኝ።

አማቴ ባላቸው ካረፉ ወዲህ ከአንበሳሜ መጥተው ከእኛ ጋር ነው የሚኖሩት። የሚተኙት ከልጄ ጋር በአንድ ክፍል ነው። ሁለቱ የሚያወሩት አያልቅባቸውም፤ ከግድግዳው ማዶ እሰማቸዋለሁ። ጥቅልሎቹን ግን አይወዱም ነበር። «ተባይ ተፈልጎ ይጠፋል እንጂ ተፈልጎ ይቀለባል?» ብለው ጠይቀዋል፤ ለእኔ ሳይሆን ለግድግዳው። እኔ እሳቸውን እርስዎ፣ እሳቸው እኔን አንቱ ነው የምንባባለው። በአገራችን ደንብ አማችና አማት በመከባበር ብዛት ምንም ሳይነጋገሩ ዘመን ሊቆጥሩ ይችላሉ።

እኒህ ሴትዮ ናቸው እንግዲህ፣ አንበሳሜ ዘመድ ጠይቀው ሲመለሱ፣ ከወገቡ በላይ የተሰበረ የጠላ ጋን ይዘው የመጡት። የቀረው ግማሽ እንደ ሰፊ ገበታ ሆኗል። መኪና ተሳፍረው፣ በጆንያ ጠቅልለው፣ እንዳይጋጭ ጭናቸው ላይ አድርገው።

«አንቱ ሸክላ ይሻላል ሲሉ ሰምቼ ነው። ለልጅቱ ነው» አሉኝ። «ዕቃው የተሰናዳ ነው፤ ምንም አይንኩት። አፈሩን እንዲያው ያግቡበት።»

የማይወዱትን ነገር ለማኖር ይህን ያህል መድከም! ገና ያኔ አንድ ዓይኔን ጨፍኜ አየኋቸው። ሆኖም አፈሩን አዘዋወርሁ፣ ጋኑን በረንዳው ላይ ጥላ ውስጥ አስቀመጥሁት፣ በስስ ጨርቅ ሸፈንሁት። የመጀመሪያዎቹ ቀናት ለእኔ የድል ቀናት ነበሩ። ሻጋታው ድራሹ ጠፋ። የሚሸት ነገር የለም። ለባለቤቴ በየጧቱ «አየሽ?» እላታለሁ። «አየሁ» ትለኛለች፣ ሳታይ።

ከዚያ ነው ሬሳው ከላይ መታየት የጀመረው።

ምርመራዬን የጀመርሁት ከቅጠሉ ነው፤ ጋኑን ስሞላ አዲስ ቅጠል አግብቼ ነበርና። የባሕር ዛፍ ቅጠል ለእነዚህ ፍጥረታት እንደማይሆን ስለማውቅ፣ ብዙ ዓይነት ዛፍ ያለበት ዘጌ በጀልባ ተሻግሬ ነው ያመጣሁት። ዋንዛ፣ ሾላ፣ የቡና ቅጠል። ከእግረኛ መንገዱ ጎን ቁጢጥ ብዬ ወደ ማዳበሪያ ከረጢት ስለቅም፣ መቋሚያቸውን የተደገፉ አንድ ሽማግሌ መነኩሴ ከበላዬ ቆመው አገኘኋቸው።

«አንተ ሰውዬ፣ ምን ትለቅማለህ?»

«የደረቀ ቅጠል ነው አባ።»

«ለምን መድኃኒት ነው?»

«መድኃኒት አይደለም።»

«ቀለም ቀምሰሃል?»

«የቤተ ክህነቱን? አልቀመስሁም።»

«እሱ ነው የሚያስፈራው። የቀመሰው እንኳ ወሰኑን ያውቃል።»

ከመሬት ላይ ለሚኖሩ ትንንሽ ፍጥረታት ምግብ እንደሆነ፣ ልጄ እንደምታረባቸው አስረዳሁ። ረጋ ብለው ሰሙኝ።

«የትል መኖ ማለትህ ነው?»

«እንደዚያ ይባል።»

«ልጄ፣ ሁላችንም የትል መኖ ነን። ቀናችን እስኪደርስ ነው። አንተን ምን አስቸኮለህ?»

ከረጢቱን አስገለበጡኝ፤ ሥር ወይም ልጥ ደብቄ እንደሆነ በመቋሚያቸው እየበተኑ አዩ፤ እንደገና ሞልቼ ስሄድም ጀልባው እስኪርቅ ድረስ ከዳር ቆመው ይመለከቱኝ ነበር። ከልቤ ወደድኋቸው። የሙያ ባልደረባ ማግኘት ደስ ይላል።

ጥቅልሎቹ ሲሞቱ ግን ወደ አእምሮዬ የመጡት እሳቸው ናቸው። በእርግማን አላምንም። ሆኖም የማያምን ሰው መፈተን ይችላል። በሕይወት ካሉት ጥቂቶቹን ለይቼ፣ በመስታወት ማሰሮ ውስጥ ከግቢው አዲስ አፈር፣ ከዚያው ከዘጌ ቅጠል፣ ከምንጠቀምበትም ከቧንቧ ውኃ ጋር አስቀመጥኋቸው። ውኃውንም ጠርጥሬው ነበር፤ አንዳንድ ጧት የመድኃኒት ሽታ ይዞ ይመጣል። የሐይቁን እንዳልጠቀም ደግሞ እምቦጭ ከወረረው ወዲህ ጣናንም ማመን ትቻለሁ። በመስታወቱ ውስጥ ያሉት ግን ቅጠሉን እንደ ወንፊት በሳስተው በሉት። አንዲቱ ሆዷ ሥር ነጫጭ ልጆች ተሸክማ ታየች።

እንግዲህ ቅጠሉም ውኃውም በነጻ ተሰናበቱ። የቀረው ሰው ነው አልሁ። ዕቃውን አልጠረጠርሁም። ዕቃ ምን ምክንያት አለው?

ከግቢያችን ጀርባ ባለችው ክፍል አንድ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ተከራይቶ ይኖራል፤ የዩኒቨርሲቲው ፔዳ ግቢ ስለሚቀርበን ክፍሏ ባዶ ሆና አታውቅም። ከአዲስ አበባ የመጣ ነው። መርዝ መንፊያ ይዞ ሲገባ አይቼዋለሁና በሩን አንኳኳሁ።

«ሰሞኑን መርዝ ረጭተሃል?»

«ለትኋን ነው ጋሼ። አልጋው የእናንተ ነው እኮ።»

«በረንዳው ላይስ?»

«በረንዳችሁ ላይ ምን አለኝ?»

«የልጄ እንስሳት እየሞቱ ነው።»

«እነዚያ... እነዚያ ድንጋይ ሥር ያሉት?» ሳቁን ዋጠ። «ጋሼ ሙድ እየያዙብኝ ነው?»

«እየጠየቅሁህ ነው።»

«ማስረጃ አለዎት?»

«ምንድን ነው የምታጠናው?»

«ሕግ።»

መጠርጠር ነበረብኝ። መንፊያውን ግን አሳየኝ፤ የረጨው ጋኑ ከመምጣቱ አስቀድሞ ነበር፤ መስኮቱም የሚከፈተው በረንዳችን ወዳለበት ሳይሆን ወደ ጎረቤት አጥር ነው። በማስረጃ እጥረት ለቀቅሁት።

እኔ ከውጭ ሰው ጋር ስባዝን ልጄ በቤት ውስጥ ምርመራዋን ጨርሳ ነበር። አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስትመለስ አያቷ የጋኑን ጨርቅ ገልጠው፣ ጎንበስ ብለው አፍንጫቸውን ወደ ውስጥ ሲያስገቡ አይታለች። ስታያቸው ጨርቁን መለሱት። ሌላ ጊዜም እንዲሁ። ማታ ፍራሿን ጎትታ ሳሎን አመጣችው።

«ከእምዬ ጋር አልተኛም» አለች። «እሷ ናት የገደለቻቸው። ተባይ ናቸው ብላለች። ታሸታቸዋለች፣ ሞተው እንደሆነ ታያለች።»

ቤታችን ትልቅ አይደለም። አማቴ ሰምተዋል። በማግሥቱ ቁርስ ላይ ልጄ አያቷ የቆረሱላትን ዳቦ ሳትነካ ተነሣች። አማቴ ዳቦውን አይተው፣ እንዳልተቆረሰ አድርገው መልሰው ሸፈኑት።

«እኔ ወደ አንበሳሜ ልመለስ ነው» አሉ ለባለቤቴ። «ቤቱን ዝናብ ሳይገባው ማየት አለብኝ።»

ቤቱን የሚያይ የወንድማቸው ልጅ እዚያው አለ፤ ሁላችንም እናውቃለን። ባልቴቷ እዚያ ቢሄዱ የሚጠብቃቸው ባዶ ቤትና የባላቸው ባርኔጣ የተሰቀለበት ሚስማር ነው።

ባለቤቴ ጓዳ ጠርታኝ በሩን ዘጋች።

«ልጅቷን መጠርጠር ያስተማርሃት አንተ ነህ» አለችኝ። «እነሆ አያቷን ጠረጠረች። ደስ ይበልህ።»

«ምናልባት ትክክል ብትሆንስ?»

«እናቴ በተባይ ላይ ትመቀኛለች ነው የምትለው?»

«አሽትተዋል እኮ።»

«አንተም አሽትት። እናቴ ሳትሄድ ይኼን ነገር ፈልግና አግኝ። እሷ ተሰድባ ከዚህ ቤት አትወጣም።»

አማት አይመረመርም። ቢመረመርም መልሱ በሦስተኛ ሰው በኩል፣ በምሳሌ ተጠቅልሎ፣ ከሳምንት በኋላ ነው የሚመጣው። ስለዚህ ባለቤቴ እንዳለችው ማሽተት ብቻ ቀረኝ። ጧት በረንዳው ላይ ተንበርክኬ አፈሩን በእፍኝ እያወጣሁ አሸተትሁት። ጤነኛ አፈር የመጀመሪያው ዝናብ እንደ ወረደበት ማሳ ይሸታል። ይኼኛው ምንም አይሸትም ነበር፤ ቅጠሉ ገብቶ እንደ ተቀመጠ ነው፤ አንዱም አልበሰበሰም። በዚያ ሰሞን «ንጹሕ ነው» ብዬ የተኩራራሁበት ነገር አሁን አስደነገጠኝ። በእርጥብ ቦታ የማይበሰብስ ቅጠል የት አገር አለ? አፈሩን አውጥቼ ስጨርስ ፊቴን ወደ ጋኑ ከትቼ የረጠበውን የሸክላ ግድግዳ አሸተትሁ።

የወይራ ጢስ። ከሥሩ ደግሞ መራራ ነገር፤ ግራዋ።

ጠላ ጠምቆ ለማያውቅ ልንገረው። ጋን ጠላ ከመግባቱ በፊት በግራዋ ቅጠል ይፈተጋል፣ ከዚያ የወይራ እንጨት ጭስ ላይ ተደፍቶ ይታጠናል። ሸክላው ምሬቱንም ጭሱንም ይጠጣል፣ ይዞም ያቆያል። ይህ የሚደረገው ጠላው እንዳይበላሽ ነው፤ ውስጡ ሻጋታ የሚባል እንዳይኖር። እስካሁን ነገሩ የገባው ሰው ይኖራል፤ ይህ ዕቃ መበስበስን ከልክሎ ለመያዝ የተዘጋጀ ዕቃ ነው። እኔ ደግሞ ውስጡ ያስገባሁት ከመበስበስ በቀር ሌላ ምግብ የሌላቸውን ፍጥረታት ነው። ቅጠሉ አልበሰበሰላቸውም፤ ግድግዳው መረራቸው፤ ወደ ላይ ሸሹ።

ልጄ ትክክል ነበረች ማለት ነው። የገደሏቸው አያቷ ናቸው። ከዚህ የባሰ ነገር ሊገጥመኝ አይችልም ነበር፤ ጥርጣሬዬ ልክ ሆኖ ለማንም የሚጠቅም አለመሆኑ።

«አንቱ፣ ምን ሆነው ነው?»

ራሴን ከጋኑ ሳወጣ አማቴ ከበላዬ ናቸው። ነጠላቸውን ለብሰዋል፤ ሻንጣቸው ከኋላቸው ደጃፉ ላይ ነው። ልጄ ዩኒፎርሟን እንደለበሰች በሩን ተደግፋ ታያለች።

«ሽታው ነው እማማ።»

«ምን ሽታ?» ፊታቸው ተለወጠ። «በእጄ ነው በግራዋ የፈተግሁት። ደጋግሜ። ወይራውንም ከሩቅ አስመጥቼ ነው ያጠንሁት። ጭሱ ይኑር አይኑር በየቀኑ ገልጬ አሸታለሁ፤ እስከ ዛሬ አልለቀቀም። ምን ሸተተብኝ?»

«ምንም አልሸተተም። ችግሩ እሱ ነው።»

እንስሶቹ የሚበሉት የበሰበሰ ነገር እንደሆነ፣ ጭሱና ግራዋው ደግሞ እንዳይበሰብስ እንደሚከለክል ተናገርሁ። እያከበርሁ መናገር ነበረብኝና ነገሩ ረዘመ፤ በመሃል ሸክላን ወቀስሁ፣ ሙቀቱን ወቀስሁ። አማቴ አላዳመጡኝም። ገብቷቸዋል።

«እኔ ነኝ እንግዲህ» አሉ።

«ጭሱ ነው፣ እማማ።»

«ጭሱን እሳት አንድዶ ያጨሰው ማን ነው?» ወደ ልጄ ዞሩ። «ያልታጠነ ዕቃ ለሰው አይሰጥም ብዬ ነው። ለክት እንግዳ የማደርገውን ነው ያደረግሁልሽ።»

ልጄ ጫማዋን ታያለች።

«እነሱ እንግዳ አይደሉም» አለች። «ቆሻሻ ነው የሚበሉት።»

«ማን ነገረኝ?»

ልጄ ወደ እኔ አየች። ስለ ስንጥብ፣ ስለ ሸርጣን፣ ስለ ሸክላ መተንፈስ በየምሳው የሰበክሁት እኔ ነኝ፤ ምን እንደሚበሉ ግን አማቴ ባሉበት ማዕድ ላይ ማንሣት ነውር መስሎኝ ነበር።

«አልነገርናትም» አለችኝ ልጄ። እኔ አያቷን የምልበትን «እርስዎ» እሷ አታውቀውም።

ከጋኑ የተረፉትንና በመስታወቱ ያሉትን የሚያኖር ዕቃ ያስፈልግ ነበር። የድሮው ፕላስቲክ ሣጥን ከአማቴ ዘንድ ነው፤ ባቄላ ሊያኖሩበት ወስደውት ገና ሳያጥቡት ቀርተዋል። ማንም ሳይጠይቃቸው ገብተው አመጡት። በማዕዘኖቹ የደረቀ የድሮ አፈር፣ በክዳኑ ጥቁር የሻጋታ ነቁጥ አለበት። እግራቸው ቀጥታ ወደ ቧንቧው ወሰዳቸው፤ ቧንቧውን ከፈቱ።

«እምዬ!»

ቆሙ። ውኃው ለትንሽ ጊዜ መሬት ላይ ፈሰሰ። ቧንቧውን ዘጉት። ወደ ጎረቤት አጥር አዩ፣ ወደ ተማሪው መስኮት አዩ፤ እኔን እንደ ምስክር አልቆጠሩኝም። ሣጥኑን በተዘረጋ ክንድ፣ ከነጠላቸው አርቀው አቀበሏት።

«ሳላጥብ ዕቃ ለሰው ስሰጥ ይኼ የመጀመሪያዬ ነው» አሉ። «ለእናትሽ እንዳትነግሪ።»

ልጄ ሣጥኑን ተቀብላ በረንዳው ላይ ቁጭ አለች፤ ከከረጢቱ የተረፈውን የዘጌ ቅጠል ዘረገፈች። ትምህርት ቤት እንደረፈደባት ማንም አላነሣም።

«በደንብ መቀነጣጠስ አለበት» አለች ቀና ሳትል። «ለብቻዬ አይደርስልኝም።»

አማቴ ሻንጣቸውን ዞር ብለው አዩት። ከዚያ ዱካ መቀመጫውን ጎተቱ።

«እሺ፣ ቆዪ እጄን ልታጠብ።»

«አትታጠቢ» አለቻቸው።

ተቀመጡ።